ውርስና የመዳረሻ ገደብ በፕሮግራም አጻጻፍ ትምህርት

በኮምፒዩተር ፕሮግራም አጻጻፍ ትምህርት ተማሪዎችን ደጋግመው ከሚያሳስቱ አርእስት አንዱ በውርስና በመዳረሻ ገደብ መካከል ያለው ዝምድና ነው። ብዙዎች «የተከለከለ ነገር በወራሹ ዘንድ የለም» ብለው ይደመድማሉ። ይህ አጭር ጽሑፍ የስሕተቱን ምንጭ ገልጦ የተሻለውን የአቀራረብ ቅደም ተከተል ለማመልከት ይሞክራል።

የክላስና የንዑስ ክላስ ሐሳብ የመነጨው ኦሌ ዮሐን ዳልና ክሪስተን ኒጎር በኦስሎ ከደረሱት፣ ሲሙላ 67 ከተባለው ቋንቋ ነው። ዛሬ በሲ ፕላስ ፕላስና በጃቫ ሦስት የገደብ ቃላት ይሠራባቸዋል። ፐብሊክ የተባለውን አባል ማንኛውም የፕሮግራሙ ክፍል ይደርስበታል፤ ፕራይቬት የተባለውን በመሠረቱ የደነገገው ክላስ ብቻ፣ ፕሮቴክትድ የተባለውን ደግሞ ክላሱና ወራሾቹ ይደርሱበታል። በጃቫ ግን ለፕሮቴክትድ አባል በዚያው ፓኬጅ ውስጥ ያሉ ክላሶችም ፈቃድ አላቸው።

«ተማሪ» የተባለ ክላስ እንውሰድ። «ውጤት» ፕራይቬት ነው፤ «መዝግብ» የተባለው ፐብሊክ ተግባር ከ0 እስከ 100 ያለውን ቁጥር ብቻ ይቀበላል። «የማታ ተማሪ» ከዚህ ክላስ ሲወርስ፣ እያንዳንዱ የማታ ተማሪ ኦብጀክት የውጤት ሥፍራ በውስጡ ይኖረዋል። ሆኖም ንዑስ ክላሱ ያንን ሥፍራ በስሙ ጠርቶ ሊለውጠው አይችልም፤ በ«መዝግብ» በኩል ማለፍ ግዴታው ነው። የጃቫ ድንጋጌ ፕራይቬት አባል «አይወረስም» ቢልም፣ ሥፍራው በኦብጀክቱ ውስጥ መኖሩ አልቀረም። እንግዲህ መያዝ ሌላ፣ መድረስ ሌላ ነው።

«ውጤት» ፕሮቴክትድ ቢሆንስ? ወራሹ ቁጥጥሩን አልፎ 140 ብሎ ሊጽፍ ይችላል። ጉዳዩ በተግባርም ታይቷል። ቢያርነ ስትሮስትሩፕ ፕሮቴክትድን በሲ ፕላስ ፕላስ ያስገባው ማርክ ሊንተን ስለ ጠየቀው ነበር፤ ሊንተን ራሱ ግን ከዓመታት በኋላ፣ የስሕተት ምንጭ ሆኖ ስላገኘው፣ በሚመራው ሥራ ፕሮቴክትድ መረጃ እንዳይኖር ከለከለ።

ሌላም ሕግ አለ። በጃቫ ወራሹ የወላጁን ተግባር እንደ ገና ሲጽፍ ፈቃዱን ሊያሰፋ እንጂ ሊያጠብ አይችልም፤ ምክንያቱም የንዑስ ክላሱ ኦብጀክት ወላጁ በሚጠበቅበት ቦታ ሁሉ ተተክቶ መሥራት አለበት።

ስለዚህ መምህራን ሦስቱን ቃላት በሠንጠረዥ ከማስጠናት አስቀድመው፣ ኦብጀክቱ ምን እንደሚይዝ በሥዕል ቢያሳዩ፣ ቀጥሎም «ይህንን ማን ሊለውጠው ይገባል?» ብለው ቢጠይቁ ይመረጣል። የሥርዓተ ትምህርት አዘጋጆችም ለዚህ ጥያቄ በቂ ክፍለ ጊዜ ሊመድቡለት ይገባል፤ ገደቡ የተደነገገው መረጃን ከስሕተት ለመጠበቅ መሆኑን ያልተረዳ ተማሪ፣ ቃላቱን ቢያውቅም በቦታቸው አይጠቀምባቸውምና።