ከፍሎ የጨረሰው መኪና

የመኪናውን ብድር ከፍሎ ጨርሷል፤ የክሬዲት ዩኒየኑ ስም ከታይትሉ ላይ እንዲነሣ የሚያስፈልገው ሊን ሪሊስ ግን አይመጣለትም። እንዲህ ያለ ጥያቄ ይዞ ቢሮዬ የሚመጣ የታክሲ ወይም የኡበር ሹፌር ሲያጋጥመኝ አስቀድሜ የምጠይቀው “ከዚያው ቤት ሌላ ምን ዕዳ አለብዎት?” ብዬ ነው። መልሱ ብዙውን ጊዜ ክፍያው የተቋረጠ ክሬዲት ካርድ ይሆናል።

በሚኒያፖሊስና በሴንት ፖል የምንኖር ኢትዮጵያውያን ክሬዲት ዩኒየን የምንወደው ያለ ምክንያት አይደለም። በፌዴራል ፈቃድ የሚሠሩት በአብዛኛው ብድር ላይ ከ18 በመቶ በላይ ወለድ እንዳይጠይቁ ጣሪያ አለባቸው። አንድ አባል አንድ ድምፅ ነው፤ አገር ቤት የቁጠባና ብድር ማኅበር ለሚያውቅ ሰው እንግዳ ቤት አይመስልም። ታዲያ ክፍያ ሲቋረጥ “አባል ነኝ፣ ይታገሡኛል” ይባላል። ይታገሡ ይሆናል። ግን ያው አባልነት ለእነሱም ጉልበት ይሰጣቸዋል። ብዙዎቹ ውሎች ለመኪናው ብድር የተያዘው መኪና በዚያው ቤት ላለው ሌላ ዕዳም መያዣ ነው ይላሉ። በቁጠባ ሒሳቡ ያለውንም ገንዘብ ፍርድ ቤት ሳይሄዱ ከዕዳው ጋር ሊያቻችሉት ይችላሉ። ደመወዙ እዚያው ለሚገባለት ሰው ይህ ማለት የወሩ የቤት ኪራይ አንድ ጠዋት ላይ የለም ማለት ነው። ስለዚህ በዕዳው ላይ ድርድር ከመጀመሩ በፊት ደመወዙ ሌላ ባንክ እንዲገባ አስደርጋለሁ። ነውር የሚመስላቸው ደንበኞች አሉ፤ እኔ ግን ልጆች ያሉት ሰው ኪራዩን ማስቀደሙ ነውር ሆኖ አይታየኝም።

ጊዜውም ወሳኝ ነው። ብድሩ ገና በክሬዲት ዩኒየኑ እጅ እያለ የደወለ ሰው የክፍያ ቀን ማዛወር፣ ወርኃዊውን ማሳነስ፣ ጊዜውን ማራዘም ይደራደራል። ወራት ዝም ብሎ ብድሩ እንደ ኪሳራ ከተመዘገበና ለኮሌክሽን ወይም ለጠበቃ ከተላለፈ በኋላ ግን ንግግሩ በአብዛኛው በአንድ ጊዜ ስለሚከፈል ገንዘብ ይሆናል።

ከሁሉ ይልቅ የሚያሳስበኝ የዋሱ ጉዳይ ነው። አዲስ ለመጣ የአጎት ልጅ፣ ክሬዲት ለሌላት የቤተ ክርስቲያን እህት መፈረም እኛ ዘንድ እምቢ የማይባል ነገር ነው። እዚህ አብሮ የፈረመ ሰው የሙሉ ዕዳው ባለዕዳ ነው፤ አበዳሪው መጀመሪያ ተበዳሪውን ልጠይቅ የማለት ግዴታ የለበትም። ተበዳሪው በግማሽ ተስማምቶ ይከፍልና እፎይ ይላል፤ የስምምነቱ ደብዳቤ የሚጠቅሰው እሱን ብቻ ከሆነ ግን ቀሪው ከዋሱ ሊጠየቅ ይችላል። ከዚያ ነገሩ እድር ውስጥ ይገባል፤ ሽማግሌ ይላካል። ስለዚህ አንድ ዶላር ከመውጣቱ በፊት የሁለቱም ስም፣ ቀሪው ዕዳ ዜሮ መሆኑ፣ ሊን ሪሊሱም መቼ እንደሚላክ የተጻፈበት ደብዳቤ እጄ እንዲገባ እጠይቃለሁ። በስልክ የተባለውን አልቆጥረውም፤ ሠራተኛው ነገ ሌላ ሊሆን ይችላል።

ሚኒሶታ ደግሞ የራሷ የሆነ ወጥመድ አላት። ክስ የሚጀመረው ወረቀቱ ለተከሳሹ ሲደርስ እንጂ ፍርድ ቤት መዝገብ ሲከፈት አይደለም። የመዝገብ ቁጥር የሌለው መጥሪያ የደረሰው ሰው “አጭበርባሪዎች ናቸው” ብሎ ይጥለዋል። መልስ መስጫው 21 ቀን ነው፤ ከጠበቃው ጋር በስልክ እየተነጋገሩ መሆን ቀኑን አያቆመውም። መልስ ሳይሰጥ ቀርቶ የተፈረደበትን ሰው ፍርዱ 10 ዓመት ይከተለዋል፤ ደመወዝም ያስቆርጣል።

ከተስማሙ በኋላ የሚረሳው ግብሩ ነው። በስምምነቱ የተሰረዘው ዕዳ 600 ዶላርና ከዚያ በላይ ከሆነ አበዳሪው 1099-ሲ የተባለውን ቅጽ ይልካል፤ አይአርኤስም እንደ ገቢ ያየዋል። ዕዳው ከመሰረዙ ልክ በፊት የነበረበት ጠቅላላ ዕዳ ከንብረቱ ይበልጥ የነበረ ሰው ግን በቅጽ 982 ያን ገልጾ፣ በልዩነቱ መጠን ከግብሩ ሊድን ይችላል። ለግብር ሠሪው ካልተነገረ አይሞላውም። ቅጹ የሚላከው በጃንዋሪ ነው፤ ቤት የቀየረ ሰው አድራሻውን ለአበዳሪው ካላሳወቀ ወደ አሮጌው ቤት ይሄዳል፤ አይአርኤስ ግን የራሱን ቅጂ ያገኛል።