ቁልፉ በማን እጅ ነው?

ከጎንደር ወደ ባሕር ዳር በሚወስደው መንገድ ላይ፣ ከጉዛራ ቤተ መንግሥት አጠገብ በምትገኘው በእንፍራንዝም ሆነ በሌሎቹ ትንንሽ ከተሞቻችን፣ የፕሌይስቴሽን ቤት ከሻይ ቤት ያላነሰ የወጣት መሰብሰቢያ ሆኗል። አንድ ቴሌቪዥን፣ ሁለት ጆይስቲክ፣ አንድ አግዳሚ ወንበርና በሰው እጅ ዞሮ የመጣ አንድ አሮጌ መሣሪያ ከተገኘ ሥራው ተጀመረ ማለት ነው። ባለቤቱም ትምህርቱን ጨርሶ ሥራ ያጣ፣ ከዘመድ ተበድሮ መሣሪያውን የገዛ ወጣት ሊሆን ይችላል። እንጀራው በዚያች ሣጥን ላይ ነው።

ታዲያ አንድ ቀን ጠዋት መሣሪያው ሲከፈት በጨዋታው ሥዕል አጠገብ ትንሽ የቁልፍ ምልክት ይታያል። ጨዋታው አልጠፋም፤ በማስቀመጫው ውስጥ ሙሉውን ተቀምጧል፤ ነገር ግን አይከፈትም። ባለቤቱ መሣሪያው የተበላሸ መስሎት ወደ ጠጋኝ ይሮጣል። ጠጋኙም ነገሩን ካላወቀው ሁሉን ደምስሶ እንደ አዲስ ይጭነዋል፤ በዚህም ምክንያት ሊድን ይችል የነበረው ጨዋታ ጭራሹን ይጠፋል። እኛ የሥነ ጥበባት ፋኩልቲ ተማሪዎች ነን እንጂ መሐንዲሶች አይደለንም። ይሁን እንጂ ነገሩ የሽቦ ጉዳይ ብቻ ሳይሆን የሕግና የባለቤትነት ጉዳይም ስለ ሆነ፣ የተረዳነውን ያህል ለወንድሞቻችንና ለእኅቶቻችን ለመግለጽ ተነሥተናል።

ፈቃድ ማለት ምንድን ነው?

በአገራችን የመሬት ሥርዓት ታሪክ ውስጥ ርስትና ጉልት የተለያዩ ነገሮች እንደ ነበሩ በታሪክ ክፍል ተምረናል። ርስት ከአባት ለልጅ የሚተላለፍ ነበረ፤ «ርስት በሺህ ዓመቱ ለባለቤቱ» የተባለውም ስለዚህ ነው። ለሹም የሚሰጠው ጉልት ግን ግብር የመብላት መብት ነበረ፤ ሹሙ መሬቱን አልያዘም፤ ንጉሡ ሲወድ የሰጠውን ሲቈጣ ሊነሣው ይችል ነበር። በጎንደር ዘመን እንዲህ ያለው ስጦታ በቤተ ክርስቲያን መጻሕፍት ኅዳግ ላይ ይጻፍ ስለ ነበር፣ ክርክር በተነሣ ጊዜ የሚታየው ያ ጽሑፍ ነበር።

የጨዋታውም ነገር ከዚህ ብዙ አይርቅም። በሲዲ የተገዛ ጨዋታ ርስትን ይመስላል፤ ሲዲው በእጅ እስካለና መሣሪያው እስካነበበው ድረስ ይጫወቱታል፣ ያውሱታል፣ ይሸጡታል። ከኩባንያው መደብር በኢንተርኔት የወረደ ጨዋታ ግን ጉልትን ይመስላል። ገዢው የገዛው ጨዋታውን ሳይሆን የመጫወት ፈቃዱን ነው። ጨዋታው ተቈልፎ ይወርዳል፤ ከእርሱም ጋር ፈቃድ የምትባል ትንሽ ፋይል ትመጣለች። በዚህች ፋይል የገዛው አካውንትና መሣሪያው ይታወቃሉ። ጨዋታው በተከፈተ ቍጥር መሣሪያው ያችን ፋይል ይመረምራል፤ ካላገኛት ወይም ካላመናት የቁልፉን ምልክት ያሳያል። እንግዲህ በኅዳጉ ላይ ያለው ጽሑፍ አልነበብ አለ ማለት ነው እንጂ መሬቱ ተወሰደ ማለት አይደለም።

ለምን አልታመን ይላል?

የመጀመሪያው ምክንያት ሰዓት ነው። በመሣሪያው ሆድ ውስጥ በእጅ ሰዓት ውስጥ እንዳለው ያለ ትንሽ ክብ የባትሪ ድንጋይ አለ፤ መብራት በሚጠፋበት ጊዜ ቀኑን የሚቈጥረው በእርሱ ኀይል ነው። ድንጋዩ ባረጀ ጊዜ መብራት በጠፋ ቍጥር መሣሪያው ቀኑን ይረሳል። ቀኑን ያልያዘ መሣሪያ ደግሞ የፈቃዱን ዘመን ማመን አይችልም። በፕሌይስቴሽን 4 ላይ፣ እ.ኤ.አ. በ2021 ሴፕቴምበር ወር 9.00 የተባለው ሶፍትዌር እስኪወጣ ድረስ፣ ድንጋዩ የሞተበትና ከኢንተርኔት ያልተገናኘ መሣሪያ ጨዋታ አልከፍት ይል ነበር።

የሰዓት ስሕተት ምን ያህል እንደሚጎዳ ለማወቅ እ.ኤ.አ. ማርች 1 ቀን 2010 የሆነውን ማስታወስ ይበቃል። እኛ ጳጉሜን አምስት ናት ወይስ ስድስት ብለን እንደምንጠይቅ ሁሉ፣ ፈረንጆችም ፌብሩዋሪ 28 ነው ወይስ 29 ብለው ይቈጥራሉ። በዚያን ቀን የቀድሞዎቹ ወፍራም ፕሌይስቴሽን 3 መሣሪያዎች 2010ን በስሕተት ሠግር ዓመት አድርገው ቈጠሩት። ወዲያውም በዓለም ሁሉ 8001050ኤፍ የሚል የስሕተት ቍጥር ታየ፤ ብዙ ጨዋታዎችም አልከፈት አሉ። ቀኑ ሲያልፍ ነገሩ ራሱ ተስተካከለ። መሣሪያዎቹ አንዳቸውም አልተሰበሩም ነበር፤ የሳቱት አንዲት ቀን ብቻ ነበረች።

ሁለተኛው ምክንያት አካውንቱ ነው። በፕሌይስቴሽን 4 አንድ አካውንት ዋና መሣሪያ አድርጎ የሚመዘግበው አንድ ፕሌይስቴሽን 4 ብቻ ነው። ዋና በሆነው መሣሪያ ላይ ጨዋታው ያለ ኢንተርኔትም ይከፈታል፤ ሌሎች ተጠቃሚዎችም ይጫወቱታል። ዋና ባልሆነው ላይ ግን የገዛው ሰው በአካውንቱ ገብቶ ከኢንተርኔት ጋር ካልተገናኘ አይከፈትም።

ሦስተኛው የወር ወይም የዓመት ክፍያ ማለቅ ነው። በፕሌይስቴሽን ፕላስ አባልነት የተገኘ ጨዋታ አባልነቱ ሲያልቅ ይቈለፋል፤ ክፍያው ሲታደስ ይከፈታል። አራተኛው የአገር ልዩነት ነው። ሲዲው ለአውሮፓ የተሠራ ሆኖ ተጨማሪ ክፍሉ ከአሜሪካ መደብር የተገዛ እንደ ሆነ ሁለቱ አይስማሙም። ይህ በተለይ እኛን ይመለከታል፤ ኩባንያው በአካውንት መክፈቻው ላይ ኢትዮጵያን ከአገሮች ዝርዝር ውስጥ ስላላስገባ፣ የእኛ ሰው አካውንቱን በሌላ አገር ስም ይከፍታልና።

አምስተኛው የኢንተርኔት መቋረጥ ነው። ከሐምሌ 2015 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ለብዙ ወራት ተቋርጦ እንደ ነበር ሁላችንም እናውቃለን። ከዚህ ሁሉ ችግር መካከል የጨዋታ ነገር ትንሽ ይመስላል። ነገር ግን መሣሪያው ዋና ተብሎ ያልተመዘገበለት ባለ ጨዋታ ቤት፣ በገንዘቡ የገዛው ጨዋታ በዚህ ምክንያት ብቻ ይዘጋበታል።

መድኃኒቱ በተራ

ከሁሉ በፊት አይደምስሱ። ቀጥሎ የሚከተለውን በተራ ያድርጉ።

አንደኛ፣ ጥፋቱ ከኩባንያው መሆን አለመሆኑን ያጣሩ። እ.ኤ.አ. በ2011 የፕሌይስቴሽን መረብ ከሦስት ሳምንት በላይ፣ በ2025 ፌብሩዋሪም አንድ ቀን ያህል በዓለም ሁሉ ተቋርጦ ነበር። እንዲህ ባለ ጊዜ መታገሥ እንጂ ሌላ መድኃኒት የለም።

ሁለተኛ፣ ቀኑንና ሰዓቱን ያስተካክሉ። በእጅ የሚሞሉ ከሆነ ዓመተ ምሕረቱ በአውሮፓ አቈጣጠር መሆን አለበት፤ በእኛ አቈጣጠር የሞላ ሰው መሣሪያውን ሰባት ወይም ስምንት ዓመት ወደ ኋላ ይመልሰዋል። ሰዓቱም ከእኛ ሰዓት በስድስት ይለያል። የተሻለው ግን በኢንተርኔት ራሱ እንዲሞላ ማድረግ ነው። መብራት በጠፋ ቍጥር ቀኑ የሚጠፋ ከሆነ ድንጋዩ ይለወጥ፤ መሣሪያን መፍታት በሚያውቅ ሰው እጅ ቢሆን ይመረጣል።

ሦስተኛ፣ ጨዋታው በተገዛበት አካውንት ይግቡ። ሴቲንግስ ከሚለው ውስጥ አካውንት ማኔጅመንትን ከፍተው መሣሪያው ዋና ተብሎ መመዝገቡን ይመልከቱ፤ ካልተመዘገበ ይመዝግቡት። አሮጌው መሣሪያ ከተሰረቀ ወይም ከተቃጠለ፣ በኩባንያው ድረ ገጽ ላይ ምዝገባውን ሁሉ በአንድ ጊዜ መሰረዝ ይቻላል፤ ይህ ግን የሚፈቀደው በስድስት ወር አንድ ጊዜ ብቻ ስለ ሆነ በከንቱ እንዳይባክን።

አራተኛ፣ እዚያው ሪስቶር ላይሰንስስ የሚለውን ይጫኑ። መሣሪያው የዚያን አካውንት ፈቃዶች እንደ ገና ከኩባንያው ያመጣል። ብዙ ጊዜ ችግሩ የሚያልቀው እዚህ ላይ ነው። ፈቃድ እንደ ጨዋታው ከባድ ስላልሆነ የስልክ ሆትስፖት ይበቃዋል። በከተማው ኔትወርክ ከሌለ መሣሪያውን በሻንጣ ይዞ ኔትወርክ እስካለበት መሄድና ሦስተኛውንና አራተኛውን እዚያ ፈጽሞ መመለስ ይቻላል፤ ዋና ተብሎ ከተመዘገበ በኋላ ያለ ኢንተርኔት ይሠራልና።

አምስተኛ፣ ችግሩ የጀመረው ጨዋታ ላይ እያሉ መብራት ጠፍቶ ከሆነ የመሣሪያው መዝገብ ተዛብቶ ሊሆን ይችላል። መሣሪያውን ያጥፉ፤ ከዚያ የማብሪያውን ቍልፍ ሁለተኛው ድምፅ እስኪሰማ፣ ሰባት ሴኮንድ ያህል ተጭነው ይያዙ። ጆይስቲኩን በሽቦ ያገናኙና ከሚታየው ዝርዝር 5ኛውን፣ ሪቢልድ ዳታቤዝ የሚለውን ይምረጡ። ይህ መዝገቡን ያስተካክላል እንጂ ጨዋታ አያጠፋም። 6ኛውና 7ኛው ግን ሁሉን ስለሚደመስሱ እጅ አይንካቸው።

ስድስተኛና የመጨረሻው፣ ጨዋታውን አጥፍቶ እንደ ገና ማውረድ ነው። አንድ ጨዋታ ብዙ አሥር ጊጋባይት ሊሆን ስለሚችል ከዚህ በፊት ያሉትን ሳይሞክሩ እዚህ መድረስ ገንዘብ ማባከን ነው።

መድኃኒት የሌለው በሽታ

ከላይ ያለው ሁሉ የሚሠራው አካውንቱ የራስ ሲሆን ነው። በገበያችን ግን «ሃያ ጨዋታ የተጫነበት» እየተባለ የሚሸጥ አሮጌ መሣሪያ አለ። ጨዋታዎቹ የተጫኑት በሻጩ አካውንት ከሆነ፣ ሻጩ ያንኑ አካውንት ነገ በሌላ መሣሪያ ላይ ዋና አድርጎ ሲመዘግበው የገዢው ጨዋታ ሁሉ በአንድ ጊዜ ይቈለፋል። የምናውቀው አንድ የእንፍራንዝ ልጅ እንዲህ ያለ ነገር ደርሶበት ለሻጩ ቢደውል ስልኩ አልነሣ አለው። ድንጋይ ቢለወጥ፣ መዝገብ ቢስተካከል፣ ፈቃዱ የሌላ ሰው ነውና አይመለስም። ስለዚህ አሮጌ መሣሪያ የሚገዛ ሰው ስለ ጨዋታው ብዛት ሳይሆን ስለ አካውንቱ ባለቤት ይጠይቅ። አካውንቱን ራሱ ይክፈት፤ የኢሜይሉንና የምሥጢር ቃሉን በወረቀት ጽፎ ያስቀምጥ። ለጨዋታ ቤት ደግሞ ሲዲ ከሁሉ ይሻላል።

ነገሩ የድሀ አገር ችግር ብቻ እንዳይመስለን። ማይክሮሶፍት እ.ኤ.አ. ጁላይ 29 ቀን 2024 የኤክስቦክስ 360ን መደብር ዘግቷል። ሶኒም በ2021 የፕሌይስቴሽን 3ን መደብር እዘጋለሁ ብሎ ከገዢዎች ጩኸት በኋላ ውሳኔውን ሽሮታል። ዩቢሶፍት ደግሞ በ2024 ዘ ክሩ የተባለውን የመኪና ጨዋታ አገልጋይ ኮምፒውተሮች ዘግቶ፣ ሰዎች በገንዘባቸው የገዙትን ፈቃድ ነሥቷል። ከ2025 መጀመሪያ አንሥቶ የካሊፎርኒያ ሕግ ሻጮች ለገዢው «የምትገዛው ፈቃድ ነው» ብለው በግልጽ እንዲነግሩ አዟል። ሕጉ ፈቃዱን ወደ ርስትነት አልለወጠውም፤ ሆኖም ገዢው ምን እንደሚገዛ አውቆ እንዲገዛ ያደርገዋል።

የእኛ ገዢ ግን እንዲህ የሚነግረው ሕግም ሻጭም የለውም። ኩባንያው አገሩን በዝርዝሩ ውስጥ አላስገባውም፤ ሻጩ የአካውንቱን ነገር ይደብቀዋል፤ ጽሑፉም በእንግሊዝኛ ነው። ስለዚህ የክረምት ዕረፍት ሲመጣና ወደየአገራችን ስንመለስ፣ በየመንደራችን ላለው ባለ ጨዋታ ቤት መሣሪያውን ከመግዛቱ ወይም ከመደምሰሱ በፊት ይህንኑ ብንነግረው፣ የአንድ ሰው እንጀራ ከመቋረጥ ሊድን ይችላል።