መኮሮኒ በምስር ስጎ፦ ለብርድ ሌሊት የሚሆን ምግብ

እንደሚታወቀው አዲስ አበባ ከባሕር ወለል በላይ ከ2,300 ሜትር በሚበልጥ ከፍታ ላይ የምትገኝ የደጋ ከተማ ናት። በሐምሌና በነሐሴ ዝናቡ ያረጥባታል። በኅዳርና በታኅሣሥ ደግሞ ደመና ስለሌለ የቀኑ ሙቀት ማታ ቶሎ ያመልጥና የሌሊቱ ብርድ ይብሳል። ጌጃ ሰፈር ቤት ተከራይተን ለምንኖር ሠልጣኞች እንዲህ ባለው ሌሊት ዳቦ በሻይ አያዛልቀንም። ነገ ተመርቀን የምንመደብበት ቦታ ከዚህም የበረደ ሊሆን ይችላል፤ እናታችንም ድስት ይዛ አትከተለንም። ስለዚህ በትንሽ ወጪ ሆድ የሚይዝ አንድ ምግብ ከነአሠራሩና ከነምክንያቱ ለማቅረብ ወደናል።

ምግቡ የማን ነው?

አንዳንዱ «የጣሊያን ነው» ይላል፤ ሌላው «ከነበርበሬው የኛ ነው እንጂ!» ይላል። ሁለቱም እውነት አላቸው። የፋሽስት ኢጣሊያ ጦር ሚያዝያ 27 ቀን 1928 ዓ.ም. አዲስ አበባ ገባ፤ ልክ በአምስት ዓመቱ ሚያዝያ 27 ቀን 1933 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ ተመለሱ። ወራሪው ሄደ፤ ፓስታ፣ መኮሮኒ፣ ስጎ፣ ፉርኖ የሚሉት ቃላት ግን ከነምግባቸው ቀሩ። እናቶቻችንም ስጎውን እንደ ወጥ አቁላልተው በርበሬ ጨመሩበት። ደግሞም በርበሬና ቲማቲም ራሳቸው መነሻቸው አሜሪካ ነው፤ ወደ ሌላው ዓለም የተሠራጩት ኮሎምቦስ እ.ኤ.አ. በ1492 ወደዚያ ከተሻገረ በኋላ ነው። ታዲያ ዛሬ ያለ በርበሬ ወጥ አለ ብሎ ማን ያስባል? እንግዳ ሆኖ መጥቶ ቤተኛ መሆን ማለት ይኸው ነው።

ለአራት ሰው የሚያስፈልገው

ግማሽ ኪሎ መኮሮኒ፣ አንድ ብርጭቆ ምስር ክክ፣ አራት ራስ ቀይ ሽንኩርት፣ ግማሽ ኪሎ ቲማቲም፣ ጥቂት ነጭ ሽንኩርት፣ ሁለት የሾርባ ማንኪያ በርበሬ፣ አራት የሾርባ ማንኪያ ዘይት፣ ጨው፣ ከተገኘም የጥብስ ቅጠል። ምስር በመሆኑ ለፍልሰታም ለሌላም ጾም ይሆናል። በፍስክ የፈለገ የተፈጨ ሥጋ ይጨምርበት።

አሠራሩ ከነምክንያቱ

1ኛ/ ምስሩን አጥበን በሦስት ብርጭቆ ውሃ ለብቻው እንቀቅላለን። ቲማቲም ከመጀመሪያው አይገባበትም። የቲማቲም አሲድ የጥራጥሬን መለስለስ ስለሚያዘገይ ከሰል ያስጨርሳል።

2ኛ/ ሽንኩርቱን አድቅቀን ከትፈን ውሃው እስኪመጥ ካበሰልን በኋላ ዘይት፣ ቀጥሎ በርበሬ እንጨምራለን። የበርበሬው ቀለምና ማቃጠል የሚሟሟው በደንብ በዘይት ነው፤ ቁሌት ያልወጣለት በርበሬ ጥሬ ጥሬ የሚለውም ለዚህ ነው። እንዳያር ጠብ ጠብ እያደረግን ውሃ እንሰጠዋለን።

3ኛ/ ነጭ ሽንኩርትና የተከተፈ ቲማቲም ጨምረን እስኪሟሽሽ እናማስላለን። የበሰለውን ምስር፣ ጨውና የጥብስ ቅጠል ቀላቅለን በቀስታ እሳት እናንተከትከዋለን።

4ኛ/ መኮሮኒውን ጨው ባለበት በሚፈላ ውሃ እንቀቅላለን። እሽጉ ላይ የተጻፈው ደቂቃ ለኛ አይበቃም። በከፍታ ቦታ የአየር ግፊት ስለሚቀንስ በአዲስ አበባ ውሃ የሚፈላው በ100 ሳይሆን በ92 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ገደማ ነው። እሳት ብናበዛ ውሃው ይተናል እንጂ ከዚያ በላይ አይሞቅም። ስለዚህ ጥቂት ደቂቃ ጨምረን በጥርስ እንሞክረው።

5ኛ/ ስናጠል ውሃውን ሁሉ አንድፋ። አንድ ጭልፋ አስቀርተን ስጎው ላይ ብናፈስ ስታርቹ ስጎውን ያወፍረዋል፤ ከመኮሮኒውም ጋር ያያይዘዋል።

በሰውነት ግንባታ በኩልም ስንዴና ምስር ይረዳዳሉ። በስንዴ ውስጥ የሚያንሰው ላይሲን የተባለው ንጥረ ነገር በምስር ውስጥ በብዛት ይገኛል። እንግዲህ አንድ ድስት ስለ ግፊት፣ ስለ አሲድ፣ ስለ መሟሟትና ስለ ፕሮቲን ያስተምራል ማለት ነው። ቤተ ሙከራ በሌለበት ትምህርት ቤት የምንመደብ ሰዎች ይህን ልብ ልንለው ይገባል።

ከሁሉ የሚበልጠው ጥንቃቄ

ብርዱ ሲያይል ምድጃውን ቤት አስገብቶ በር ዘግቶ መተኛት በሰፈራችን የተለመደ ነው። «ከሰሉ ቀልቷል፣ ጭስ የለውም» ይባላል። የሚገድለው ግን የሚታየው ጭስ ብቻ አይደለም! ከቀላ ከሰል የሚወጣው ካርቦን ሞኖክሳይድ ቀለምም ሽታም የለውም። ከኦክስጅን ከ200 ጊዜ በላይ በርትቶ ከደማችን ሄሞግሎቢን ጋር ስለሚጣበቅ የተኛ ሰው ሳይነቃ ይሞታል። ራስ ምታት፣ ማዞር፣ ማቅለሽለሽ ከተሰማን ቶሎ ወደ ውጭ ወጥተን የሕክምና እርዳታ እንፈልግ። ስለዚህ በከሰል የምናበስል ሁሉ ውጭ እናብስል፤ ወደ ቤት የሚገባው ድስቱ ብቻ ይሁን። ሙቀቱን ከመኮሮኒውና ከብርድ ልብሱ እናግኝ እንላለን።