ሥጋ የሌለው ኮርማ

ኮርማ የሚባል የጾም ወጥ አለ ብል የሚስቅብኝ አይጠፋም። ለእኛ ኮርማ ያልተኮላሸ በሬ ነው። በህንድ፣ በዴልሂና በሉክናው ግን በእርጎ፣ በክሬም ወይም በተፈጨ ለውዝ ወፍሮ፣ በቀስታ እሳት የበሰለ ወጥ ነው። ሁለቱ ስሞች በድምፅ ተገጣጠሙ እንጂ ዝምድና የላቸውም። የወጡ ስም ወደ ኡርዱ የገባው ከቱርክኛ ሲሆን ትርጉሙም መቁላት፣ መጥበስ ነው። ስለዚህ ኮርማን በአማርኛ «ቁሌት» ብንለው ከስሙ ብዙ አንርቅም።

መነሻው የሥጋ ምግብ ነው። ባቡር የተባለው ንጉሥ እ.ኤ.አ. በ1526 ዴልሂን ይዞ የሙጋልን ሥርወ መንግሥት ሲመሠርት፣ ለውዝና ዘቢብ፣ ክሬምና ሥጋ የሚወደው የመካከለኛው እስያና የፋርስ ማዕድ ከህንድ ቅመም ጋር በአንድ ወጥ ቤት ተገናኘ። ኮርማ የዚያ ወጥ ቤት ልጅ ነው። ሥጋ የማይቀምስ ሰው በበዛበት አገር ደግሞ የአትክልቱ ኮርማ የራሱን ስም አገኘ፦ «ናቭራታን»፣ ማለትም ዘጠኝ ዕንቁ። ስያሜው ከ1556 እስከ 1605 የነገሠውን የሙጋል ንጉሥ አክባርን ያጅቡ የነበሩትን፣ ሙዚቀኛው ታንሴን ያለባቸውን ዘጠኝ ባለሟሎች ያስታውሳል። በድስቱም ውስጥ አትክልቱ፣ ፍሬውና ለውዙ ተደምረው ዘጠኝ ይሆናሉ። በቤት ውስጥ ሲሠራ ስድስትም ቢሆኑ ማንም አይቆጥርም።

የዚህ ወጥ መልክ ነጭ ነው፤ ቀይ በርበሬ አይገባበትም። በርበሬ ከአሜሪካ ተነሥቶ ህንድ የደረሰው ቫስኮ ዳ ጋማ በ1498 ካሊከት ከገባ በኋላ፣ በፖርቱጋሎች መርከብ ነው። ከዚያ በፊት የህንድ ምግብ የሚያቃጥለው በቁንዶ በርበሬና በዝንጅብል ነበር፤ ነጩ ኮርማም ዛሬ ድረስ የሚደገፈው በእነዚሁና በጥቂት ቃሪያ ነው። ቀይ ወጥ የለመደ ሰው በዓይኑ አይቶ «ይኼ አልጫ ነው» ብሎ ቢያልፈው አይፈረድበትም። ሲቀምሰው ግን ሄሉና ቅርንፉዱ ሌላ ነገር ይነግሩታል።

«ካሪ» ስለሚባለው ዱቄት አንድ ነገር ልበል። ቃሉ ከታሚል ቋንቋ የመጣ ነው፤ እንግሊዞች ግን መረቅ ያለውን የህንድ ምግብ ሁሉ በዚሁ ስም ጠሩት። ሐና ግላስ የተባለች እንግሊዛዊት በ1747 ባሳተመችው የምግብ መጽሐፍ ውስጥ ሳይቀር አሠራሩ አለ። በጣሳ የሚሸጠው ቢጫ ዱቄት የዚህ የእንግሊዞች ልማድ ውጤት ነው። ለኮርማ አይሆንም፤ ሁሉን ነገር አንድ ዓይነት ቃና ይሰጠዋል።

አሁን ወደ ምድጃው እንሂድ። የእኛ ወጥ ሠሪ ሽንኩርቱን ያለ ዘይት አቁላልታ፣ ውሃውን ከጨረሰ በኋላ ቅባት ትጨምራለች። ህንዶች ይገለብጡታል፦ ዘይቱ ይቀድማል፤ በጋለው ዘይት ውስጥ ያልተፈጨ ቅመም ይገባል። የቅመም ሽታ አብዛኛው በውሃ ሳይሆን በቅባት ስለሚሟሟ፣ አንድ ደቂቃ በዘይት የተንጣጣ ሄል ለግማሽ ሰዓት በውሃ ከተቀቀለው ይበልጥ ይሸታል።

ለአራት ሰው ሁለት ሽንኩርትና 80 ግራም ያህል ካሹ አንድ ላይ ለሩብ ሰዓት ቀቅሉና በመፍጫ እንደ ገንፎ እስኪለሰልሱ ፍጩ። ሽንኩርቱ የሚቀቀለው ነጭነቱን እንዳያጣ ነው። ካሹም እንደ በርበሬ ከአሜሪካ የመጣ እንግዳ ነው፤ ፖርቱጋሎች በ16ኛው መቶ ዘመን ከብራዚል ወደ ህንድ ወሰዱት። ጣዕሙ ዝም ያለ ከመሆኑም በላይ ስታርች ስላለው ሲፈላ ወጡን ያወፍራል። ኦቾሎኒ አይተካውም፤ የራሱን ጣዕም ይጭናል።

ከዚያ ሦስት ማንኪያ ዘይት አግሉና አራት ሄል፣ ሦስት ቅርንፉድ፣ አንድ ቁራጭ ቀረፋና አንድ የሻይ ማንኪያ ከሙን ጨምሩ። ገበያ ላይ ከሙንን ከነጭ አዝሙድ ጋር የሚያምታታ ብዙ ነው። ነጭ አዝሙድን ህንዶችም ያውቁታል፤ ቦታው ግን ቂጣና ጥብሳጥብስ ነው። በሄል ምትክ ኮረሪማ ያሉኝም አሉ። ሞክሬዋለሁ፤ የሚጣፍጥ ወጥ ወጣ፣ ግን ኮርማ አልነበረም። የቅመሙ ሽታ ሲነሣ ዝንጅብል፣ ነጭ ሽንኩርትና ሁለት ቃሪያ፣ ቀጥሎም የፈጫችሁትን ጨምራችሁ በዝግታ አቁላሉ። መድረሱን የሚነግራችሁ ለማንኛውም ወጥ የምታውቁት ምልክት ነው፦ ዘይቱ ከዳር ዳር መውጣት ሲጀምር። ካሹ ቶሎ ድስት ይይዛልና ማማሰያውን አትልቀቁት፤ ሙቅ ውሃም ጠብ አድርጉ።

ከዚህ በኋላ ያለው ቀላል ነው። ድንችና ካሮት መጀመሪያ፣ አበባ ጎመንና ፎሶሊያ ቀጥሎ፣ አተር መጨረሻ፤ ጨውና ሁለት ኩባያ ውሃ። ሲወርድ የሚነሰነሰው ጋራም ማሳላ ከእኛ መከለሻ ጋር አንድ ሥራ ነው የሚሠራው፤ በሌላችሁ ጊዜ ጥቂት መከለሻ ብታደርጉ ከኮረሪማው ያነሰ ጥፋት ነው። ለጾም በዚሁ ይበቃል፤ የሚወድ ግማሽ ኩባያ የኮኮናት ወተት ይጨምርበት። የደቡብ ህንድ ሰዎች ኮርማቸውን የሚያወፍሩት በኮኮናት ነው።

ለፍስክ በዘይቱ ፋንታ ቅቤ ቢሆን ያምራል፤ ነገር ግን ያለ ቅመም የተነጠረ ይሁን፤ ጊ የሚባለው የህንዶቹ ንጥር ቅቤ ቅመም የለበትም። እርጎ የምትጨምሩ ከሆነ ደግሞ ከእኔ ተማሩ። መጀመሪያ ስሠራው፣ እንግዶች በር ላይ ሆነው፣ ቀዝቃዛ እርጎ በሚንተከተክ ድስት ላይ ገለበጥኩ፤ ወጡ ባንዴ አይብ በአይብ ሆነ። አሲድና ኃይለኛ ሙቀት ሲገናኙ የወተቱ ፕሮቲን ይጓጉላል። እርጎውን ከፍሪጅ ቀደም ብሎ ማውጣት፣ በአንድ ማንኪያ የሽምብራ ዱቄት መምታት፣ እሳቱን ቀንሶ በማንኪያ በማንኪያ መጨመር፤ መድኃኒቱ ይኸው ነው።

የሚበላው በባስማቲ ሩዝ ወይም በስስ ቂጣ ነው። በእንጀራ የበላ ሰው አይከሰስም፤ ለእኔ ግን የእንጀራው ኮምጣጣነት የካሹውን ጣፋጭነት ያሸንፍብኛል። የተረፈው ሲያድር ይወፍራል፤ ስታሞቁት ግማሽ ስኒ ሙቅ ውሃ አትርሱ።