ሳሙናው የት ይጨመር?

«ልብስ ማጠብም ቁም ነገር ሆኖ ይጻፍበት ጀመር?» የሚል አንባቢ ይኖር ይሆናል። ነገር ግን ቂሊንጦ በሚገኘው የአዲስ አበባ ሳይንስና ቴክኖሎጂ ዩኒቨርሲቲም ሆነ በሌላ ቅጥር ግቢ የሚኖር ተማሪ ከቤቱ የወጣ ዕለት፣ ልብሱም ከእናቱና ከእኅቱ እጅ ወጥቷል። ለሳሙና የሚከፍለውም ከዚያችው ከጥቂቷ የኪስ ገንዘቡ ነው። በተከራየበት ወይም በዘመድ ቤት የልብስ ማጠቢያ መኪና ቢያጋጥመው ደግሞ መሳቢያውን ስቦ ሦስት ክፍል ሲያይ ግር ይለዋል። ስለዚህ ነገሩን ከሥሩ እንመልከተው።

በመጀመሪያ ውሃውን እንወቅ። አዲስ አበባ ከለገዳዲ፣ ከድሬና ከገፈርሳ ግድቦች ሌላ ከአቃቂ የከርሰ ምድር ጉድጓዶች ውሃ ታገኛለች። የጉድጓድ ውሃ በዐለት ውስጥ ሲያልፍ ካልሲየምና ማግኒዚየም ያሟሟል። እነዚህ ከተራ ሳሙና ጋር ሲገናኙ አረፋ መሆኑ ይቀርና ነጭ ዝቃጭ ይሆናል፤ በሳፋው ዙሪያ የሚቀረው ግራጫ ክብ ይኸው ነው። የራሱን ውሃ መመርመር የሚፈልግ ሰው በጠርሙስ ውሃ ላይ ጥቂት የሳሙና ፍቅፋቂ ጨምሮ ይነቅንቀው። አረፋው ወዲያው ቢሞላ ውሃው ለስላሳ ነው፤ አረፋው እምቢ ብሎ ውሃው ወተት ቢመስል ግን ሳሙና የሚበላ ውሃ ነው። የዱቄት ሳሙና በዚህ ረገድ ይሻላል፤ ካልሲየሙን አስሮ የሚይዝ ነገር ይጨመርበታልና።

አሁን ወደ መሳቢያው እንምጣ። ሦስቱ ክፍሎች የተለያዩት መኪናው ልብሱን በአንድ ውሃ ስለማያጥበው ነው። እያንዳንዱ ክፍል የራሱን ተራ ይጠብቃል።

አንድ ጭረት ወይም አንድ ቁጥር ያለበት ክፍል ለመዘፍዘፊያው ውሃ ነው። ጭቃ የጠጣ ሱሪ ወይም የስፖርት ልብስ ካልሆነ በቀር አያስፈልግም። መኪናው በቅድሚያ እንዲዘፈዝፍ ካልታዘዘ ውሃ በዚያ ክፍል አያልፍም፤ ዱቄቱም እንደ ተቀመጠ ይቀራል። ቢታዘዝ ደግሞ ያ የመጀመሪያው ውሃ ተደፍቶ ስለሚሄድ ሳሙናውን በሙሉ እዚያ የጨመረ ሰው ዋናውን እጥበት ያለ ሳሙና ያስኬደዋል።

ሁለት ጭረት ያለበት ክፍል የዋናው እጥበት ነው። የዘወትሩ ሳሙና፣ ዱቄትም ሆነ ፈሳሽ፣ እዚህ ይገባል። መዘፍዘፍ ከታዘዘ ግን ዱቄት ይመረጣል፤ ፈሳሹ ተራው ሳይደርስ ሊንጠባጠብ ይችላልና።

የአበባ ምልክት ያለበት ሦስተኛው ክፍል የማለስለሻ ነው፤ መኪናው የሚወስደውም በመጨረሻው ማለቅለቂያ ነው። ማለስለሻ ከሳሙና ጋር ለምን አብሮ አይገባም? በአብዛኛው የሳሙናው ቅንጣት ኔጌቲቭ፣ የማለስለሻው ፖዘቲቭ ሙል ስላላቸው ተሳስበው ይጣበቃሉ፤ ያም አያጸዳ፣ ይህም አያለሰልስ። በክፍሉ ላይ ከተሰመረው ወሰን በላይ መሙላትም አይገባም። ፈሳሹ የሚወጣው ከፍታው ትንሿን ቱቦ ሲያልፍ ነውና፣ ከመጠን ያለፈው ያለ ጊዜው ይፈስሳል።

መሳቢያ የሌለው ባለ ሁለት ገንዳ መኪና ያለው ሰውም ይህንኑ ተራ በእጁ ይጠብቅ፤ አስቀድሞ ውሃ፣ ቀጥሎ በውሃው የተሟሟ ሳሙና፣ ከዚያ ልብስ። ደረቅ ዱቄት በልብሱ ላይ ቢበተን ነጠብጣብ ይተዋል። በሳፋ የሚያጥብ ወንድማችንም ሦስት ውሃ ያዘጋጅ፤ መዘፍዘፊያ፣ ማጠቢያ፣ ማለቅለቂያ። ማለስለሻ ካለው በመጨረሻው ውሃ ብቻ ይጨምር።

በረኪና ለብቻው የሚነገርለት ነገር ነው። በነጭ ጥጥ ላይ፣ በውሃ ቀጥኖ፣ ሳሙናው ሥራውን ከጨረሰ በኋላ ይገባል። በብዙ ዱቄቶች ውስጥ የደምና የምግብ እድፍ የሚፈታ ኢንዛይም አለ፤ በረኪና ቀድሞ ከገባ ያጠፋዋል። ሱፍንና ሐርን ያበላሻል። ከሎሚ፣ ከኮምጣጤ ወይም ከማንኛውም አሲድ ጋር ከተቀላቀለ ደግሞ ክሎሪን የተባለ መርዘኛ ጋዝ ያወጣል፤ መስኮት በሌለው መታጠቢያ ቤት ይህ የጨዋታ ነገር አይደለም።

ስለ መጠኑም አንድ ነገር እንጨምር። «አረፋ ከበዛ ጸዳ» የሚለው አስተሳሰብ ስሕተት ነው። በመኪና ውስጥ የበዛ አረፋ ልብሱ እርስ በርሱ እንዳይፋተግ ያደርጋል፤ ሳይለቀለቅም ይቀርና ገላን ያሳክካል። ስለዚህ በማሸጊያው ላይ በተጻፈው መጠን መጀመር ነው፤ ውሃው ሳሙና የሚበላ ከሆነ ጥቂት መጨመር፣ ለስላሳ ከሆነ ጥቂት መቀነስ።

የተረፈው ሳሙናም የትም አይጠፋም። በየቦዩ ወርዶ ትንሹንና ትልቁን አቃቂ ወንዝ ይቀላቀላል፤ ሁለቱም ወደ አባ ሳሙኤል ሐይቅ፣ ከዚያም ወደ አዋሽ ይሄዳሉ። በዚሁ ወንዝ ዳር አትክልት በመስኖ ይለማል፤ ጎመኑም ተመልሶ ወደ ገበያችን ይመጣል። ፎስፌት ያለበት ሳሙና ደግሞ ለእምቦጭና ለመሰል የውሃ አረሞች ምግብ ነው።

የእጣቢ ውሃ ምን ያህል ርቆ እንደሚሠራ ከአገራችን ሊቅ ከዶክተር አክሊሉ ለማ ተምረናል። እ.ኤ.አ. በ1964 ዓ.ም. አድዋ ላይ ሴቶች በእንዶድ ልብስ ከሚያጥቡበት በታች ቀንድ አውጣዎች ሞተው አየ፤ ከዚያም እንዶድ የቢልሃርዝያን ተሸካሚ ቀንድ አውጣ እንደሚገድል ለዓለም አስረዳ። እ.ኤ.አ. በ1989 ዓ.ም. ከዶክተር ለገሠ ወልደ ዮሐንስ ጋር የራይት ላይቭሊሁድ ሽልማት አገኘበት። ያ እጣቢ ለበጎ ሠራ፤ የእኛው እጣቢ ግን በአቃቂ ወንዝ ላይ የሚሠራው በጎ ሥራ የለም።

እንግዲህ፣ ወንድሞችና እኅቶች፣ በሚቀጥለው ቅዳሜ መሳቢያውን ስትስቡ ዱቄቱን በሁለቱ ጭረት፣ ማለስለሻውን በአበባው አኑሩ። ማንኪያውንም እስከ አፉ አትሙሉት፤ ለኪሳችሁም፣ ከታች በኩል በዚያ ውሃ አትክልት ለሚያጠጣውም ገበሬ ይበጃል።