የባላገሩ እንግሊዝኛና የመጽሐፉ እንግሊዝኛ

እኛ የዩኒቨርስቲ ተማሪዎች የምንማረው በእንግሊዝኛ ስለ ሆነ፥ የአንድ እንግሊዝኛ ቃል አጻጻፍና ትርጉም ለእኛ የማርክ ጉዳይ ነው። «ከለር» የሚለውን ቃል ያለ «ዩ» ፊደል ብንጽፈው አንዱ መምህር በቀይ ያሰምርበታል፤ «ዩ»ን ብንጨምርበት ደግሞ ሌላው መምህር ትርፍ ነው ይለናል። ከዚህም የተነሣ «ትክክለኛው እንግሊዝኛ የቱ ነው?» እያልን በየመኝታ ቤቱ እንከራከራለን። የምናቀርበው ጥያቄ ግን ከመነሻው የተጣመመ ነው። ትክክለኛ የሚባለው እንግሊዝኛ ከልዩ ልዩ አገር ዘዬ፥ ማለት ከየአውራጃው አነጋገር፥ ተለቃቅሞ የተሠራ ነው። ስለዚህ አንድ ቃል ግር ሲለን፥ «ትክክል ነው ወይስ ስሕተት?» ከማለታችን አስቀድሞ «የየት አገር ነው? የየትኛው ዘመን ነው?» ብለን መጠየቅ ይገባናል። ይህንንም በምሳሌ ለማስረዳት እንሞክራለን። የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቈጣጠር ናቸው።

መጀመሪያ ሁላችንም እናውቀዋለን የምንለውን «ኮርን» የሚለውን ቃል እንመልከት። ብዙዎቻችን በቆሎ ብለን እንተረጕመዋለን። ይህ ትርጉም በአሜሪካ ልክ ነው። በእንግሊዝ አገር ግን «ኮርን» የተባለው ከሁሉ በፊት ስንዴ ነው፤ በስኮትላንድ ደግሞ አጃ ነው። ምክንያቱም የቃሉ ጥንተ ትርጉም ፍሬ፥ ቅንጣት፥ እህል ማለት ነው። እያንዳንዱ አገር ዋና ምግቡ ለሆነው እህል ይህን ስም ሰጠው። ወደ አሜሪካ የተሻገሩት እንግሊዞችም የአገሩ ተወላጆች የሚያበቅሉትን በቆሎ ባዩ ጊዜ «የሕንዶች ኮርን» አሉት፤ እየቈየም «የሕንዶች» የሚለው ቀርቶ «ኮርን» ብቻ ሆነ። የእኛም አባቶች ያደረጉት ይህንኑ ነው፤ ከውጭ የመጣውን በቆሎ በሚያውቁት እህል ሰይመው «የባሕር ማሽላ» ብለውታል።

ይህ ለጨዋታ ያህል የተነገረ አይደለም። የእንግሊዝን ታሪክ የሚያጠና ተማሪ በ1815 ወጥቶ በ1846 የተሻረውን፥ የውጭ እህል ወደ አገር እንዳይገባ ይገድብ የነበረውን ሕግ «የበቆሎ ሕግ» ብሎ ቢተረጕም፥ የታሪኩ ፍሬ ነገር ያመልጠዋል። ሕጉ የስንዴና የሌላም እህል ሕግ ነበር፤ ጠቡም የዳቦ ዋጋ ጠብ ነበር። እንደዚሁም በ1611 የታተመው የእንግሊዝኛ መጽሐፍ ቅዱስ የያዕቆብ ልጆች «ኮርን» ሊሸምቱ ወደ ግብፅ ወረዱ ይላል። በቆሎ ግን ከአሜሪካ የወጣው ኮሎምቦስ በ1492 ባሕሩን ከተሻገረ በኋላ ነው። እንግዲህ የዮሴፍ ወንድሞች በአህያቸው በቆሎ ሊጭኑ አይችሉም ነበር። እህል ብሎ የተረጐመ ግን ከዚህ ሁሉ ይድናል።

በስብሰባ የምንጠቀምበት «ቴብል» የሚለው ግስም እንዲሁ ነው። በእንግሊዝ አገር አንድን ሐሳብ «ቴብል» ማድረግ ማለት ለውይይት ማቅረብ ማለት ነው፤ በአሜሪካ ግን ውይይቱን ወደ ጎን መተው ወይም ማቈየት ማለት ነው። ቸርችል ስለ ሁለተኛው የዓለም ጦርነት በጻፈው መጽሐፍ እንደ ተረከው፥ በዚህ ቃል ምክንያት የሁለቱ አገር መኰንኖች ረዘም ያለ ክርክር ገጥመው ነበር። ሁለቱም ወገኖች የሚፈልጉት አንድ ነገር ነበር፤ አንደኛው ቶሎ ይቅረብ ሲል ሌላው ይቆይ ያለ መሰለው። የማኅበራችን የክርክር ክፍል አባሎች ይህን ቢያስቡበት መልካም ነው።

ለእንደዚህ ያለ ልዩነት ውቅያኖስ መሻገር አያስፈልግም፤ በእንግሊዝ አገር ውስጥ እንኳ የአንዱ አውራጃ ሰው ለሌላው እንግዳ ነው። በሰሜን ባለው ሠራተኛ ሕዝብ ዘንድ «ዲነር» የቀትር ምሳ ነው፤ «ቲ» የሚባለውም ሻይ ብቻ ሳይሆን ሙሉ የማታ ምግብ ነው። በደቡብ ባለው ባለጸጋ ቤት ግን «ዲነር» እራት ነው። እንግዲህ «ለዲነር ና» የተባለ እንግዳ የጋባዡን አገር ካላወቀ ወይ ስድስት ሰዓት ዘግይቶ ይደርሳል፥ ወይም ስድስት ሰዓት ቀድሞ ደጅ ይጠናል።

«ስታርቭ» የሚለውን ቃል እኛ የምናውቀው በረኃብ መሞት ወይም እጅግ መራብ ነው ብለን ነው። በጥንቱ እንግሊዝኛ ግን ቃሉ በማናቸውም ምክንያት መሞት ማለት ነበር፤ የጀርመኖች «ሽቴርበን» የቃሉ ዘመድ ነው፤ እስከ ዛሬም መሞት ማለት ነው። በኋላ በመጽሐፉ እንግሊዝኛ ትርጉሙ ጠብቦ የረኃብ ሆነ፤ በሰሜን ዘዬ ግን የብርድ ሆነ። ስለዚህ የሰሜን ባላገር በጥር ወር «ስታርቭድ ሆኛለሁ» ቢል የሚፈልገው እሳት እንጂ እንጀራ ላይሆን ይችላል። ሁለቱም የጥንቱን ትርጉም አጥብበውታል፤ አንዱ አበላሸው፥ ሌላው ጠበቀው ለማለት አይቻልም።

በዮርክሺር ደግሞ «ዋይል» የሚለው ቃል «እስከ» ማለት ነው። የመጽሐፉ ትርጉም ግን «ሳለ» ወይም «በዚህ ጊዜ» ነው። ከዚህም የተነሣ አንድ ቀልድ ይነገራል። በባቡር መሻገሪያ ላይ «መብራቱ ሲበራ ቁም» ለማለት በዚህ ቃል የተጻፈውን ማስታወቂያ አንድ የዮርክሺር ሰው «መብራቱ እስኪበራ ቁም» ብሎ አንብቦ፥ መብራቱ እንደ በራ መኪናውን አስነሣ ይባላል። ነገሩ ቀልድ ነው፤ የቃሉ ትርጉም ግን እውነት ነው።

የሰሜኑ ዘዬ እንዲህ የተለየበት አንዱ ምክንያት ታሪክ ነው። በዘጠነኛው መቶ ዓመት ከዴንማርክና ከኖርዌይ የመጡ ሰዎች በሰሜንና በምሥራቅ እንግሊዝ ሰፈሩ። ከእነርሱም ቋንቋ ብዙ ቃል ገባ። በዮርክ ከተማ ብዙ መንገዶች ስማቸው በ«ጌት» ያበቃል፤ ይህ ግን በር ማለት ሳይሆን በሰፋሪዎቹ ቋንቋ መንገድ ማለት ነው። የከተማይቱ ቅጥር በሮች ደግሞ «ባር» ይባላሉ። መጠጥ ቤት መስሎት ወደ «ባር» ያመራ መንገደኛ የሚያገኘው የመካከለኛው ዘመን የድንጋይ በር ነው።

ታዲያ ከዚህ ሁሉ ዘዬ መካከል አንዱ እንዴት «ትክክል» ሊባል ቻለ? መልሱ ሥልጣንና ገበያ ነው። ቤተ መንግሥቱ፥ የመንግሥቱ ጽሕፈት ቤትና ታላቁ ንግድ ሁሉ በለንደንና በአጠገቧ ነበሩ። ዊልያም ካክስተን በ1476 የመጀመሪያውን የእንግሊዝ ማተሚያ ያቆመው በዚያው በዌስትሚኒስተር ነው። ካክስተን በ1490 ባሳተመው መጽሐፍ መቅድም ስለ ችግሩ አንድ ታሪክ ይነግረናል። በቴምዝ ወንዝ በመርከብ የወረዱ ነጋዴዎች ነፋስ አጥተው በኬንት ዳርቻ ቆሙ። ከእነርሱም አንዱ ከአንዲት ሴት ቤት ገብቶ «ኤግስ» ብሎ እንቍላል ለመናት። ሴቲቱም ፈረንሳይኛ አላውቅም አለችው። ሰውየው ተቈጣ፤ እርሱም ቢሆን ፈረንሳይኛ አያውቅምና። በኋላ ሌላው «አይረን» ቢላት ወዲያው ገባት። «አይረን» የጥንቱ እንግሊዝኛ ቃል ነበር፤ «ኤግስ» የሰሜን ሰፋሪዎች ቃል ነው። ካክስተንም የቱን ቃል ልጻፍ ብሎ ይጨነቃል። ዛሬ መዝገበ ቃላት የሚያውቀው ያን ጊዜ ለኬንት ሴት የባዕድ ቋንቋ የመሰለውን ነው።

ለንደን ከየአውራጃው ሰው እንደ ሰበሰበች ሁሉ ቃልም ሰበሰበች። በፊደል የሚያስቸግሩን ቃላት ከዚህ የመጡ ናቸው። በጥንቱ እንግሊዝኛ የነበረ አንድ አናባቢ በምዕራብ በ«ዩ» ፊደል ይጻፍ ጀመር፤ በኬንት ወደ «ኤ» ድምፅ ተለወጠ፤ በሰሜንና በምሥራቅ ሚድላንድስ ግን «ኢ» ሆነ። ሥራ የበዛበት ማለት የሆነው «ቢዚ» አጻጻፉን ከምዕራብ፥ ድምፁን ከሚድላንድስ ወሰደ። መቅበር ማለት የሆነው «ቤሪ» ደግሞ አጻጻፉን ከምዕራብ፥ ድምፁን ከኬንት ወሰደ። ሁለቱም በ«ዩ» ተጽፈው በ«ዩ» የማይነበቡት ስለዚህ ነው። «ዋን» የሚለውም ቍጥር የ«ዋ»ን ድምፅ ያገኘው ከደቡብ ምዕራብ ነው፤ ከእርሱ የተወለዱት «አሎን»ና «ኦንሊ» ግን ያለዚያ ድምፅ ቀርተዋል። ወንዱ ቀበሮ «ፎክስ» በ«ኤፍ» ሲጻፍ ሴቲቱ «ቪክስን» በ«ቪ» የምትጻፈው፥ የደቡብ ባላገር «ኤፍ»ን «ቪ» ብሎ ስለሚናገርና የሴቲቱ ስም ከእርሱ ስለ ተወሰደ ነው። ባልና ሚስቱ የሁለት አገር ሰዎች ናቸው ማለት ነው።

በዚህም ላይ ከ1400 እስከ 1700 ባለው ጊዜ ውስጥ የእንግሊዝኛ ረዣዥም አናባቢዎች ድምፃቸውን ለወጡ፤ አጻጻፉ ግን በማተሚያ ምክንያት እየረጋ ሄዶ ነበር። «ሃውስ» ይባል የነበረው ቀድሞ «ሁስ» ነው። በ1400 የሞተው ባለቅኔ ቾሰር የሚለው እንዲሁ ነበር። ዛሬ በስኮትላንድ «ሁስ» የሚል ገበሬ የቾሰርን ድምፅ ጠብቆ ይዟል እንጂ የንጉሡን እንግሊዝኛ አላበላሸም።

ወደ ተነሣንበት ወደ «ከለር» እንመለስ። ባለ«ዩ»ው አጻጻፍ በፈረንሳይኛ በኩል የመጣ ነው፤ ያለ «ዩ» የሚጻፈው ላቲኑን የተከተለ ነው። በእንግሊዝ አገር በመጀመሪያው ዘመን ሁለቱም ይጻፉ ነበር። ሳሙኤል ጆንሰን በ1755 ባወጣው መዝገበ ቃላት ባለ«ዩ»ውን መረጠ፤ ኖህ ዌብስተር በ1828 ባወጣው የአሜሪካ መዝገበ ቃላት ሌላውን መረጠ። እያንዳንዱም የየአገሩ ትምህርት ቤት ሕግ ሆነ። እንግዲህ ከሁለቱ መምህሮቻችን አንዳቸውም አልተሳሳቱም፤ የሚለያዩት በመረጡት መዝገብ ነው።

የባላገሩን ቃል ከንቀት ካወጡት ሰዎች መካከል ጆሴፍ ራይትን ሳንጠቅስ ማለፍ አይገባም። በ1855 በዮርክሺር ከድኻ ቤት ተወልዶ በስድስት ዓመቱ በድንጋይ መፍለጫ ስፍራ አህያ ይነዳ ነበር፤ ኋላም በፋብሪካ ሠራ። ማንበብና መጻፍ የተማረው ዐሥራ አምስት ዓመት ገደማ ሲሆነው ነው። በማታ ትምህርት በርትቶ፥ ገንዘብ አጠራቅሞ፥ ጀርመን አገር በሃይደልበርግ ዩኒቨርስቲ ዶክተር ሆነ፤ በኋላም በኦክስፎርድ የቋንቋዎች ንጽጽር ፕሮፌሰር ሆነ። ይህ ሰው ታላቅ ማዕርግ ባገኘ ጊዜ በልጅነቱ አነጋገር አላፈረም፤ ያደገበትን የዊንድሂልን ዘዬ ሰዋስው በ1892 አሳተመ። ከ1898 እስከ 1905 ደግሞ የእንግሊዝኛን ዘዬዎች መዝገበ ቃላት በስድስት ታላላቅ መጻሕፍት አወጣ። ከእርሱም በኋላ የሊድስ ዩኒቨርስቲ ሰዎች በሃሮልድ ኦርተን መሪነት ከ1950 እስከ 1961 በ313 ስፍራዎች እየዞሩ፥ ከሺህ ሦስት መቶ በላይ ጥያቄ ይዘው፥ በተለይ ሽማግሌ ገበሬዎችን ጠየቁ። የቸኰሉትም ትምህርት ቤትና ራዲዮ የአዛውንቱን ቃል ከልጅ ልጆቻቸው አፍ እያጠፉት በመሆኑ ነው።

ከዚህ ሁሉ ለእኛ የሚጠቅመው ምንድን ነው? አንደኛ፥ ስንጽፍ ከሁለቱ አጻጻፍ አንዱን መርጠን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ በእርሱ እንጽና፤ በአንድ ገጽ ሁለቱን ማደባለቅ ነው ስሕተቱ። ሁለተኛ፥ ስናነብ የጸሐፊውን አገርና ዘመን አስቀድመን እንወቅ፤ የመዝገበ ቃላቱን የመጀመሪያ ትርጉም ብቻ ይዞ መሮጥ የዮሴፍን ወንድሞች በቆሎ ያስጭናል። ሦስተኛው ከእንግሊዝኛው ይልቅ እኛን ራሳችንን የሚመለከት ነው። ከመካከላችን አንዱ የአውራጃውን ቃል ሲናገር የሚሳቅበት ጊዜ ብዙ ነው፤ እርሱም አፍሮ ቃሉን ይውጠዋል፥ ሁለተኛም አይናገረውም። እንዲህ የተዋጠውን ቃል ቈይቶ ከማንም አፍ ማግኘት ያስቸግራል። ስለዚህ ለዕረፍት ወደየአገራችን በምንሄድበት ጊዜ እያንዳንዳችን አንድ ደብተር ይዘን፥ ከአያቶቻችን አፍ የእርሻውን፥ የማጀቱንና የከብቱን ቃል ከነትርጉሙና ከነስፍራው ስም ጽፈን እንመለስ። ለዚህ ሥራ ፕሮፌሰር እስክንሆን መጠበቅ አያስፈልገንም።