ከሌዘር የዓይን ቀዶ ሕክምና በኋላ ወደ ስፖርት መመለስ

ከሌዘር የዓይን ቀዶ ሕክምና በኋላ ወደ ስፖርት መመለስ ማለት እይታው በሌዘር የተስተካከለለት ሰው ዓይኑ እየዳነ በሄደ መጠን ወደ ሩጫ፣ ወደ ጂም፣ ወደ ዋና ወይም ወደ ኳስ ደረጃ በደረጃ የሚመለስበት ሂደት ነው። የመመለሻው ጊዜ ለሁሉም ሰው አንድ አይደለም፤ በሁለት ነገሮች ይወሰናል። አንደኛው ሐኪሙ ኮርኒያውን የከፈተበት መንገድ ነው። ሁለተኛው ስፖርቱ በዓይን ላይ የሚያመጣው ነገር ነው፤ ይኸውም ላብ፣ ውኃ፣ አቧራ፣ ፀሐይ ወይም ምት ሊሆን ይችላል። ብዙ ታካሚዎች በማግስቱ አጥርተው ማየት ስለሚጀምሩ ዓይናቸው የዳነ ይመስላቸዋል። ይሁን እንጂ አጥርቶ ማየትና የቁስሉ መጠንከር የተለያዩ ነገሮች ናቸው፤ አብዛኛው የጥንቃቄ ምክር የሚመነጨውም ከዚህ ልዩነት ነው።

ኮርኒያ እና አዳዳኑ

ኮርኒያ በዓይን ፊት ለፊት የሚገኝ ጥርት ያለ ክፍል ነው። በኢትዮጵያ በተለምዶ የዓይን ብሌን እየተባለ ከሕልፈት በኋላ የሚለገሰው ይኸው ክፍል ነው። መሃሉ ላይ ውፍረቱ ግማሽ ሚሊ ሜትር ያህል ብቻ ነው። ወደ ዓይን የሚገባውን ብርሃን አጥፎ ሬቲና ላይ እንዲያርፍ በማድረግ ረገድ ትልቁን ድርሻ ይይዛል። ጥርት ብሎ እንዲቆይ የደም ሥር የለውም፤ ኦክስጅን የሚያገኘው በአብዛኛው በእንባ አማካይነት ከአየር ነው።

ሩቅ ያለን ነገር አጥርቶ ማየት የሚሳነው ሰው (ማዮፒያ ያለበት) አብዛኛውን ጊዜ ዓይኑ ከፊት ወደ ኋላ ረዘም ያለ ስለሆነ ብርሃኑ ሬቲና ላይ ሳይደርስ ይሰበሰባል። ሌዘሩ የኮርኒያውን መሃል በጥቂቱ በመላግ ጠፍጠፍ እንዲል ያደርገዋል፤ ብርሃኑም በተገቢው ቦታ ላይ ያርፋል።

የኮርኒያ የላይኛው ስስ ሽፋን ኤፒቴልየም ይባላል። ይህ ሽፋን ሲጫር በጥቂት ቀናት ውስጥ ራሱን ይተካል። ከሥሩ ያለው ወፍራም ክፍል፣ ማለትም ስትሮማ፣ ግን የሚድነው በዝግታ ነው፤ አንዴ ከተቆረጠ የቀድሞ ጥንካሬውን ሙሉ በሙሉ አይመልስም።

አጭር ታሪክ

ለዚህ ሕክምና የሚያገለግለው ኤክሳይመር የተባለው ሌዘር ሲሆን፣ የሞገድ ርዝመቱ 193 ናኖ ሜትር የሆነ የአልትራቫዮሌት ጨረር ነው። በ1981 እ.ኤ.አ. ራንጋስዋሚ ስሪኒቫሳን በኒው ዮርክ ግዛት በሚገኘው የአይ.ቢ.ኤም. ኩባንያ የምርምር ማዕከል ከምስጋና ቀን በዓል የተረፈ የቱርክ ዶሮ ሥጋ ወስደው ሌዘሩን ሞከሩበት። እሳቸውና የሥራ ባልደረቦቻቸው ጄምስ ዊን እና ሳሙኤል ብለም ጨረሩ ዙሪያውን ሳያቃጥል አጥርቶ እንደሚቆርጥ አረጋገጡ። በ1983 እ.ኤ.አ. የዓይን ሐኪሙ ስቲቨን ትሮከል ከስሪኒቫሳን ጋር ሆነው ሌዘሩ ለኮርኒያ እንደሚያገለግል አሳዩ። በ1990 እ.ኤ.አ. አካባቢ ደግሞ በግሪክ የቀርጤስ ደሴት ዮአኒስ ፓሊካሪስ ላሲክ የተባለውን ዘዴ አስተዋወቁ። የአሜሪካ የምግብና የመድኃኒት አስተዳደር በ1995 እ.ኤ.አ. ፒ.አር.ኬ. የተባለውን፣ በ2016 እ.ኤ.አ. ደግሞ ስማይል የተባለውን ዘዴ ፈቀደ።

ሦስቱ ዋና ዋና ዘዴዎች

ላሲክ፦ ሐኪሙ ከኮርኒያው ላይ አንድ አስረኛ ሚሊ ሜትር ያህል ወይም ትንሽ ወፈር ያለ ክዳን ይቆርጣል። ክዳኑ በአንድ ጎኑ እንደተያያዘ ይገለጥና ሌዘሩ ከሥሩ ያለውን ስትሮማ ይልጋል፤ ከዚያም ክዳኑ ይመለሳል። ክዳኑ በክር አይሰፋም። በመጀመሪያ የሚይዘው ኮርኒያው ወደ ውስጥ ስቦ ስለሚያጣብቀው ነው፤ ቀጥሎ ኤፒቴልየም ጠርዙን ይሸፍነዋል። ሕመሙ ትንሽ ነው፤ እይታውም ብዙውን ጊዜ በማግስቱ ጥሩ ይሆናል። ይሁን እንጂ ክዳኑ በምት ሊንሸራተት ይችላል። ከቀዶ ሕክምናው ዓመታት ካለፉ በኋላ እንኳ በጣት ወይም በዛፍ ቅርንጫፍ ተመትቶ ክዳኑ የተነሳባቸው ሰዎች በሕክምና ጽሑፎች ተመዝግበዋል።

ፒ.አር.ኬ.፦ በዚህ ዘዴ ክዳን አይቆረጥም። ኤፒቴልየም ብቻ ይነሳና ሌዘሩ ከላይ ይሠራል፤ ቁስሉም እስኪሸፈን ድረስ እንደ ፋሻ የሚያገለግል ለስላሳ ኮንታክት ሌንስ ይደረግበታል። የመጀመሪያዎቹ ቀናት ያማሉ፤ እይታው እስኪጠራም ሳምንታት ሊወስድ ይችላል። ከዳነ በኋላ ግን የሚንሸራተት ክዳን የለም።

ስማይል፦ ሌዘሩ በኮርኒያው ውስጥ ስስ ቅርፊት ቆርጦ ያዘጋጃል፤ ሐኪሙም ቅርፊቱን ጥቂት ሚሊ ሜትር በሆነች ቀዳዳ ያወጣዋል። እይታው እንደ ላሲክ ቶሎ ይመለሳል፤ ክዳንም የለውም።

ከዚህ እንደሚታየው ቶሎ የሚያሳየው ዘዴ ሁልጊዜ ምትን አብልጦ የሚቋቋመው አይደለም። ስለዚህ ቦክሰኛ፣ የካራቴ ተወዳዳሪ ወይም የቅርጫት ኳስ ተጫዋች የሆነ ሰው ስፖርቱን ለሐኪሙ መንገር ያለበት ከቀዶ ሕክምናው በፊት ነው። ዘዴው የሚመረጠው ያኔ ነውና።

በየስፖርቱ የሚመከር ጊዜ

የአሜሪካ የምግብና የመድኃኒት አስተዳደር ለላሲክ ታካሚዎች ያወጣው ምክር በብዙ አገሮች ሐኪሞች ከሚሰጡት ጋር ይቀራረባል። የሚከተሉት ጊዜያት መነሻ ናቸው፤ የመጨረሻው ቃል ዓይኑን የመረመረው ሐኪም ነው።

እርምጃና ሩጫ፦ ንክኪ የሌለበት ስፖርት ከላሲክ በኋላ ከ1 እስከ 3 ቀን ቆይቶ ሊጀመር ይችላል። በፒ.አር.ኬ. ግን ኮንታክት ሌንሱ እስኪወጣ፣ ማለትም አንድ ሳምንት ያህል፣ መጠበቅ ይመረጣል። በሩጫ ጊዜ ዋናው ችግር ሩጫው ራሱ ሳይሆን ላቡ ነው። ላብ ዓይን ሲገባ ያቃጥላል፤ ሰውየውም ሳያስበው ዓይኑን ያሻል፤ አዲስ ክዳንን ከቦታው የሚያነቃንቀው ይህ ማሸት ነው። በግንባር ላይ የሚታሰር የላብ መምጠጫ ማድረግና ላቡን በንጹሕ ፎጣ ከግንባር ላይ መጥረግ ይረዳል። አቧራ በሚበዛበት ሜዳ ወይም ነፋሻ በሆነ ቀን መነጽር ማድረግ ያስፈልጋል።

ጂም እና ክብደት ማንሳት፦ ቀላል እንቅስቃሴ ቀድሞ ይፈቀዳል። ከባድ ክብደትን በተመለከተ ብዙ ሐኪሞች ከአንድ እስከ ሁለት ሳምንት እንዲጠበቅ ያዛሉ። ትንፋሽን ይዞ ከባድ ነገር ማንሳት የዓይን ውስጥ ግፊትን ለጊዜው ከፍ ያደርጋል። የጂም ዕቃ የነካ እጅ ዓይን መንካት የለበትም። ሳውናና ስቲምም በዚህ ጊዜ ይቆያሉ።

ዋና፦ የአስተዳደሩ ምክር ከ1 እስከ 2 ወር ከዋናና ከሙቅ ገንዳ መራቅ ነው፤ አጠር ያለ ጊዜ የሚሰጡ ሐኪሞችም አሉ። ምክንያቱ ኢንፌክሽን ነው። በሐይቅ፣ በወንዝና በገንዳ ውኃ ውስጥ ባክቴሪያዎችና አካንታሚባ የተባለው ጥቃቅን ሕዋስ ሊኖሩ ይችላሉ። አካንታሚባ በኮርኒያ ላይ የሚያመጣው በሽታ ለማከም አስቸጋሪ ከሚባሉት አንዱ ነው። ክሎሪንም ይህን ሁሉ አያጠፋም። በተለይ የፒ.አር.ኬ. ሌንስ ዓይን ላይ እያለ መዋኘት ፈጽሞ አይገባም። ወደ ዋና ሲመለሱ የዋና መነጽር ማድረግ ይበጃል።

እግር ኳስ፣ ቅርጫት ኳስ፣ ቦክስና ካራቴ፦ ለእነዚህ ቢያንስ 4 ሳምንት ይጠበቃል። በቅርጫት ኳስ ዓይንን የሚጎዳው ከኳሱ ይልቅ ብዙ ጊዜ የሌላው ተጫዋች ጣት ወይም ክርን ነው። በእግር ኳስ ደግሞ በቴስታ መምታትና ከቅርብ ርቀት የተመታ ኳስ ያሰጋሉ። ላሲክ የተደረገለት ሰው ከወር በኋላም ቢሆን በእነዚህ ስፖርቶች የመከላከያ መነጽር ቢያደርግ ይመከራል።

ፀሐይና ከፍታ

ከፒ.አር.ኬ. በኋላ ኮርኒያው በሚድንበት ጊዜ የፀሐይ አልትራቫዮሌት ጨረር በብዛት ካገኘው በስትሮማው ላይ እንደ ጭጋግ ያለ ጠባሳ ሊፈጠር ይችላል። ስለዚህ ለወራት ከቤት ውጭ ጨረሩን የሚከለክል መነጽርና ባለጥላ ኮፍያ ማድረግ ይታዘዛል። የጨረሩ ኃይል በ1,000 ሜትር ከፍታ በ10 በመቶ ያህል ይጨምራል። በአዲስ አበባ ወይም በሌሎች የኢትዮጵያ ደጋማ ከተሞች ረፋድ ላይ የሚሮጥ ሰው ይህን ምክር ከባሕር ጠለል አጠገብ ከሚኖረው ይበልጥ ሊጠብቀው ይገባል።

ከፍታ በራሱ ኮርኒያን ሊነካ እንደሚችል የሚያሳየው የታወቀ ታሪክ በሌዘር ላይ የደረሰ ሳይሆን ከእሱ በፊት በነበረው ዘዴ ላይ የደረሰ ነው። ራዲያል ኬራቶቶሚ በሚባለው በዚያ ዘዴ ኮርኒያው በምላጭ እንደ ጨረር እየተሰነጠቀ ቅርፁ ይለወጥ ነበር። በዚህ ዘዴ የታከሙት አሜሪካዊው ሐኪም ቤክ ዌዘርስ በግንቦት ወር 1996 እ.ኤ.አ. ኤቨረስትን ሲወጡ እይታቸው ስለከዳቸው መንገድ ላይ ለመቆም ተገደዱ። ቀጥሎ በመጣው ማዕበል ከሞት ቢተርፉም ቀኝ እጃቸውን አጥተዋል። የተሰነጠቀ ኮርኒያ ኦክስጅን ሲያንሰው ቅርፁ ይለወጣል። በሌዘር የታከመ ዓይን ከዚህ እጅግ የተረጋጋ ነው፤ ሆኖም በጣም ከፍተኛ ተራራ ላይ ጥቂት ብዥታና ድርቀት የገጠማቸው ወጪዎች አሉ። ከ4,500 ሜትር በላይ ወደሚደርሰው ራስ ዳሸን የሚሄድ ሰው የዓይን ማርጠቢያ ጠብታና ጥቁር መነጽር ይዞ መሄዱ ጥሩ ነው።

የታወቁ ስፖርተኞችና ሌሎች ሙያተኞች

የጎልፍ ተጫዋቹ ታይገር ዉድስ በ1999 እ.ኤ.አ. ላሲክ ተደርጎለት በ2000 እ.ኤ.አ. ከአራቱ ታላላቅ የጎልፍ ውድድሮች ሦስቱን አሸንፏል። ከዚያ በፊትም ታላቅ ተጫዋች ስለነበር ድሉን በቀዶ ሕክምናው ማሳበብ አይቻልም። ከታሪኩ የሚወሰደው ግን ጎልፍ የአካል ንክኪ የሌለበት ስፖርት በመሆኑ ለላሲክ ምቹ መሆኑ ነው። ምት የሚያሰጋበት ሙያ ላይ ምርጫው ሌላ ነበር። የአሜሪካ ባሕር ኃይል ለአብራሪዎቹ በመጀመሪያ የፈቀደው ክዳን የሌለውን ፒ.አር.ኬ. ሲሆን፣ ላሲክን የተቀበለው ከዓመታት ጥናት በኋላ ነው።

ቀዶ ሕክምናው የማይለውጠው ነገር

ሌዘር የኮርኒያውን ቅርፅ እንጂ የዓይኑን ርዝመት አይለውጥም። ከፍተኛ ማዮፒያ የነበረው ሰው ሬቲናው ከሌላው ሰው ይልቅ የሳሳ ነው፤ የመላቀቅ አደጋውም ከቀዶ ሕክምናው በኋላ እንዳለ ይቀጥላል። መነጽሩን ስለጣለ ብቻ ወደ ቦክስ የሚገባ ሰው ይህን ማወቅ አለበት፤ አስቀድሞም ሬቲናውን ቢያስመረምር ይመረጣል።

ሌላው ነገር መከላከያ ነው። ተራ መነጽር በስፖርት ጊዜ ሊሰበር ስለሚችል እንደ መከላከያ አይቆጠርም። ከፖሊካርቦኔት የተሠራ የስፖርት መነጽር ግን ጠንካራ ምትን ይችላል፤ ቁጥር የሌለውም ይሠራል። ላሲክ የማያ መነጽርን ያስቀራል እንጂ የመከላከያ መነጽርን አያስቀርም።

ወደ ሐኪም የሚያስኬዱ ምልክቶች

በስፖርት ጊዜ ዓይኑ የተመታ ሰው ዓይኑን ማሸትም ሆነ በውኃ ማጠብ የለበትም። በንጹሕ ነገር ሳይጫን ከልሎ በዚያው ቀን የዓይን ሐኪም ዘንድ መሄድ አለበት። የሚከተሉት ምልክቶች አይዘገይባቸውም፦

ድንገተኛ ብዥታ፣ ብዙ እንባ፣ ሕመምና አንዳች ነገር የገባበት ያህል መቆርቆር፤ ይህ የክዳን መንሸራተት ሊሆን ይችላል።

እየባሰ የሚሄድ መቅላት፣ ብርሃንን መፍራትና ፈሳሽ፤ ይህ የኢንፌክሽን ምልክት ሊሆን ይችላል።

የብርሃን ብልጭታ፣ በድንገት የበዙ ተንሳፋፊ ጥቁር ነጠብጣቦች ወይም በእይታ ላይ እንደ መጋረጃ የሚወርድ ጥላ፤ ይህ የሬቲና መላቀቅ ምልክት ነው።

የተንሸራተተ ክዳን ቶሎ ከታየ ታጥቦ ወደ ቦታው ይመለሳል፤ ብዙ ጊዜም እይታው ይድናል። ከዘገየ ግን ክዳኑ እንደተጨማደደ ይቀራል፤ ኤፒቴልየምም ከሥሩ ሊበቅል ይችላል። ያን ጊዜ ማስተካከሉ ይከብዳል።